ድምፅና ቀለም በምናባዊ ትረካ፤ ከመተማ ቆላ መማሪያ ክፍል ሲመዘን

ምናባዊ ትረካ በትምህርት ቤቶቻችን ዘንድ ብዙ ጊዜ በሁለት መንገድ ይበደላል። በአንድ በኩል፥ ከዕውቀት ጋር የሚጣላ ቅዠት ነው ተብሎ ይገፋል። በሌላ በኩል፥ ለመጨረሻዋ የምክር ዐረፍተ ነገር ሲባል ብቻ ይነበብና ውስጡ ሳይመረመር ይታለፋል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ በአንድ የውጭ አገር መጽሐፍ ውስጥ የሚገኙትን ሁለት የቀለምና የድምፅ ተአምራት መርምሮ፥ በመተማና በምዕራብ ጎንደር ቆላ ለሚያስተምር መምህር ያላቸውን ጥቅም ከነጉድለታቸው ማመልከት ነው።

መጽሐፉ አሜሪካዊው የሥነ ሕንፃ ባለሙያ ኖርተን ጀስተር እ.ኤ.አ. በ1961 ያሳተመው «ዘ ፋንተም ቶልቡዝ» ነው፤ ርእሱ ወደ አማርኛ ቢመለስ «ምትሃተኛው ኬላ» ሊባል ይችላል። ሁሉ ነገር የሚሰለቸው ማይሎ የተባለ ልጅ ኬላውን አልፎ ወደ እንግዳ አገር ይገባል። በዚያ አገር ቀለም በራሱ አይገኝም፤ ክሮማ በተባለ መሪ ሥር ያሉ ከሺህ የሚበልጡ ሙዚቀኞች የንጋቱንና የምሽቱን ቀለም በመሣሪያዎቻቸው ያወጡታል። የሚጫወቱት ለዓይን እንጂ ለጆሮ አይደለም፤ ቢያቆሙ ዓለም ቀለም አልባ ይሆናል። ማይሎም ሥራው ቀላል መስሎት መሪው ተኝቶ ሳለ ጣቱን ያነሣል። የአንዲት ትንሽ ዋሽንት ድምፅ አንድ ቢጫ ጨረር ታወጣለች፤ ከዚያ በኋላ ግን ቀለሙ ሁሉ ከቍጥጥሩ ወጥቶ ይደበላለቃል፥ በጥቂት ጊዜም ውስጥ ሰባት ቀን ያልፋል። ቀጥሎ የሚደርስበት ሸለቆ ደግሞ ድምፅ የተወረሰበት ነው። ነዋሪዎቹ መልካሙን ድምፅ ማድመጥ በመተዋቸው ጠባቂዋ ድምፅን ሁሉ በምሽግ ዘግታበታለች።

የእነዚህ ምዕራፎች ብርታት ተአምሩ ሕግና ዋጋ ያለው መሆኑ ነው። ድምፅ ቀለምን ያስገኛል፤ ይህ ሕጉ ነው። ያልተማረ እጅ ሲነካው ይበላሻል፤ ይህ ዋጋው ነው። ሕግ የሌለው ተአምር ሕፃኑን ያስደንቀዋል እንጂ አያሳስበውም።

ይህ አስተሳሰብ ለእኛ እንግዳ አይደለም። በ6ኛው መቶ ዓመት የነበረው የቅዱስ ያሬድ ታሪክ በገድሉ እንደሚነገረው፥ ከኤደን የመጡ ሦስት አዕዋፍ በሰው ቋንቋ ተናግረው ዜማን ወደሚማርበት ሰማያዊ ስፍራ ወስደውታል። ከዚያ በፊት ግን ትምህርት አልገባህ ብሎት ሸሽቶ፥ ዛፍ ለመውጣት ደጋግሞ እየወደቀ በመጨረሻ የተሳካለትን ትል ተመልክቷል። በዐፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲዘምርም የንጉሡ ጦር እግሩን ሲወጋው ሁለቱም አላስተዋሉም። ሠዓሊ ድምፅን መሣል ስለማይችል አዕዋፉንና የፈሰሰውን ቀይ ደም ይሥላል፤ ተመልካቹም ዜማውን በቀለሙ ያውቀዋል። እዚህም ዜማ በከንቱ አልተገኘም።

ተማሪው ሕግ መፈለግን ከትረካው ከለመደ፥ ያንኑ ጥያቄ ወደ ሰማዩ ማዞር ይችላል። የመተማ ተማሪ በክረምት ከሰዓት በኋላ ዝናቡ ሲያባራ ፀሐይን በስተ ምዕራብ፥ ማለት በሱዳን በኩል፥ ከጀርባው ቢያደርግ ቀስተ ደመናን በስተ ምሥራቅ በደጋው አቅጣጫ ይፈልገዋል። ፀሐይ ከአድማስ ከ42 ዲግሪ በላይ ከፍ ካለች ግን በሜዳ ለቆመ ሰው ቀስቱ አይታይም። መብረቅ በታየበትና ነጐድጓድ በተሰማበት መካከል ያለውን ሰኮንድ ቈጥሮ ለ3 ቢያካፍል ርቀቱን በኪሎ ሜትር ያገኛል፤ ብርሃን በሰኮንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሄድ ድምፅ በአየር ውስጥ የሚሄደው 340 ሜትር ያህል ነውና። ኒውተንም እ.ኤ.አ. በ1704 ባሳተመው የብርሃን መጽሐፉ ቀለማትን ሰባት ብሎ ሲከፍል ከሙዚቃ እርከኖች ጋር አመሳስሎ ነበር። በቀስቱ ላይ ግን የተሰመረ ድንበር የለም። አማርኛ፥ ጉሙዝኛና ዓረብኛ የሚናገሩ ልጆች በአንድ ክፍል ሲገኙ፥ እያንዳንዱ በቋንቋው ቀለማቱን ሰይሞ ቢቈጥር ይህን ራሳቸው ይደርሱበታል።

ይሁን እንጂ መጽሐፉ ጉድለት አለው። ጨዋታው በአብዛኛው በእንግሊዝኛ ቃላት ድርብ ትርጉም ላይ ስለተመሠረተ ቃል በቃል ቢተረጐም ይደርቃል። የሺህ ሙዚቀኞች ጓድም ለቆላው ልጅ ሩቅ ነው፤ መምህሩ በከበሮና በዋሽንት ቢተካው ሕጉ አይጐድልም። ከሁሉ የሚከብደው ግን የድምፅ ሸለቆ ፍጻሜ ነው። ማይሎ አንዲት ቃል በአፉ ደብቆ ያወጣል፤ ሕዝቡም ያችን ቃል በመድፍ ተኵሶ ምሽጉን ያፈርሳል። በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. በሱዳን ጦርነት ከተነሣ ወዲህ በመተማ በኩል ብዙ ሺህ ሰዎች ከነልጆቻቸው ተሻግረዋል፤ በእኛም ክልል ተኵስ የሰሙ ሕፃናት ጥቂቶች አይደሉም። ለእነዚህ የመድፍ ድምፅ ቧልት አይደለም። ስለዚህ መምህሩ ፍጻሜውን ልጆቹ ራሳቸው እንዲያበጁት ቢተውላቸው ይሻላል፤ ያች ቃል ምሽጉን ያለ መድፍ እንዴት ትከፍተዋለች?

እንግዲህ ለመምህራንና ለሥርዓተ ትምህርት አዘጋጆች የሚቀርበው ሐሳብ ይህ ነው። ከእያንዳንዱ ትረካ በኋላ «ከዚህ ምን ተማራችሁ?» ከሚለው የተለመደ ጥያቄ በፊት «የዚህ ተአምር ሕጉ ምንድን ነው? ዋጋውስ?» የሚሉት ይቅደሙ። በማንበቢያ መጻሕፍትም የደጋው ብርድና ጉም ብቻ ሳይሆን የቆላው የሰሊጥ ማሳ፥ በበጋ ቅጠሉን የሚያራግፈው የዕጣን ዛፍና የመጀመሪያው ነጐድጓድ ይግቡ። ሕፃን የራሱን ሰማይ በመጽሐፍ ካላገኘው ዕውቀት ሁልጊዜ የሌላ አገር ተረት ይመስለዋል።