የአንኮበር ገበሬ በታሪክ ችሎት

የሸዋ ታሪክ በተነሣ ቁጥር አንኮበር የሸዋ ነገሥታት መናገሻ፣ ደብረ ብርሃንም ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ በ15ኛው ምዕተ ዓመት የቆረቆሯት ከተማ በመሆን ይወሳሉ። በግቢው ማን እንደ ነገሠ፣ ጦሩም ወዴት እንደ ዘመተ በብዙ ተጽፏል። ለግቢው እህሉን፣ ለጦሩ ስንቁን ያቀረበው ገበሬ ግን በዜና መዋዕሉ ብቅ የሚለው ሲገብር፣ ሲያምፅ ወይም ሲራብ ነው። ሲያርስ፣ ሲያርምና ሲያጭድ መኖሩ እንደ ታሪክ አልተቈጠረለትም።

አሜሪካዊው የታሪክ ምሁር ጄምስ ማካን በጥናቶቹ ሊሞላ የተነሣው ይህንኑ ጉድለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1987 ባሳተመው መጽሐፉ የሰሜን ምሥራቅ ኢትዮጵያ ገጠር ከ1900 እስከ 1935 ባለው ዘመን ከድህነት ወደ ረኀብ የተጓዘበትን መንገድ መረመረ። እ.ኤ.አ. በ1995 ባወጣውና ርእሱ በአማርኛ «የማረሻ ሕዝብ» ሊባል በሚችለው ሥራው ደግሞ ከ1800 እስከ 1990 ያለውን የእርሻ ታሪክ ሲተነትን አንኮበርን፣ ጌራንና አድአን ለየብቻ አንሥቶ ይመረምራል። ለሰሜን ሸዋ አንባቢ ዋናው ቁም ነገር ያለው በአንኮበሩ ጥናት ነው።

በገበሬው ላይ ለረጅም ዘመን ሁለት ክሶች ሲሰሙ ኖረዋል። አንደኛው፣ ማረሻው ለሁለት ሺህ ዓመት ስላልተለወጠ ባለቤቱም አልተለወጠም የሚል ነው። ሁለተኛው፣ ደኑን የጨረሰው ገበሬው ነው የሚል ነው። የማካን ሥራዎች ዋጋ በይበልጥ የሚመዘነው ለእነዚህ ክሶች በሚሰጡት መልስ ነው።

መሣሪያው ብዙም አለመለወጡ አይካድም። ሞፈርና ቀንበሩ፣ እርፍና ድግሩ ከአካባቢው ዛፍ ይጠረባሉ፤ ከቀጥቃጭ ቤት የሚመጣው ብረቱ ነው። ሲሰበር ገበሬው ራሱ ይጠግነዋል፤ ሲመሽም በትከሻው ተሸክሞ ዳገቱን ይወጣበታል። ማረሻው ይህን ያህል ዘመን የጸናው ለመሬቱም ለገበሬው አቅምም የተስማማ በመሆኑ ነው። በማረሻው ዙሪያ ያለው ነገር ግን ሲለዋወጥ ኖሯል፤ የሚዘራው ዘር፣ መሬቱ ጦሙን የሚያድርበት ዘመን፣ የበሬው ባለቤትነት፣ ምርቱን የሚካፈለው ወገን።

አንኮበር ለዚህ ጥሩ ምስክር ናት። በደጋው ገብስ፣ ስንዴና ባቄላ ይበቅላሉ፤ ወደ አልዩ አምባ ሲወረድ ጤፍና ማሽላ ይተካሉ። ውርጩ የደጋውን አዝመራ፣ ድርቁ የቆላውን ያሠጋል። በልጉ ሲመጣ ይዘራ ወይስ ክረምቱ ይጠበቅ የሚለው ጥያቄ የቤተ ሰቡን የዓመት ጉርስ የሚወስን ነው። በዚህ ሁሉ መካከል የሚመርጥ፣ የሚያመዛዝንና የሚደፍር ሰው «በልማድ ብቻ የሚኖር» ሊባል እንደማይችል መጽሐፉ አጥብቆ ያስረዳል።

የአንኮበር ድህነትም መነሻ ዘመን አለው። እ.ኤ.አ. ከ1813 እስከ 1847 በገዙት በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘመን ከተማዋ የሰፊ ግዛት እምብርት ነበረች፤ እ.ኤ.አ. ከ1841 እስከ 1843 በዚያ የቆየው የእንግሊዙ ሻምበል ሀሪስ መልእክተኛ ቡድን የግቢውን ብልጽግና ጽፏል። ግቢው የገበሬውን ምርትና ጉልበት ይስብ ነበር፤ ገበያውም በግቢው ዙሪያ ይደራ ነበር። መናገሻው ወደ እንጦጦ ተዛውሮ አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ስትቆረቆር አንኮበር ማእከልነቷን አጣች። ሕዝቡ ሲበዛ መሬቱ በውርስ እየተቆራረጠ ጠበበ፤ ጦም የሚያድረውም ማሳ አነሰ። ስለዚህ አንባቢው ዛሬ የሚያየውን የተቦጫጨቀ ማሳ ከጥንት እንደዚያው የነበረ አድርጎ መቀበል አይችልም።

የበሬው ጉዳይ በሁለቱም መጻሕፍት ልዩ ስፍራ የሚገባው ነው። ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. በዘለቀው ክፉ ቀን ደስታ የተባለው የከብት በሽታ በሬውን ሲጨርስ መሬት እያለ የሚያርስ ጠፋ። ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው ዶማ ይዘው ቆፍረው ለሕዝቡ አርአያ መሆናቸው እስከ ዛሬ ይነገራል። ሩሲያዊው የእርሻ ኢኮኖሚ ምሁር ቻያኖቭ እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ የገበሬውን ቤተ ሰብ ሲያጠና የሚበላውን አፍና የሚሠራውን እጅ አመዛዝኖ ነበር። በሸዋ ደጋ ግን ሦስተኛ መለኪያ ይጨመራል፤ እርሱም የበሬው ጥማድ ነው። አንድ በሬ ያለው ከመሰሉ ጋር ይቀናጃል፤ ምንም የሌለው መሬቱን ለእኩል ይሰጣል። በአንድ መንደር፣ በአንድ ርስት ላይ ባለጠጋና ድኻ የሚለየው በዚህ መንገድ ጭምር ነው።

ለሁለተኛው ክስ ማካን መልስ የሰጠው እ.ኤ.አ. በ1997 ባሳተመው ስለ ማረሻና ስለ ደን በሚናገር ጽሑፉ ነው። ከመቶ ዓመት በፊት የኢትዮጵያ 40 በመቶ በደን የተሸፈነ ነበር የሚለው ቁጥር ከመጽሐፍ ወደ መጽሐፍ ሲገለበጥ የኖረ መሆኑን አንሥቶ በምን ማስረጃ እንደ ቆመ ይጠይቃል። ይህን ቁጥር በሰሌዳ ላይ ሲጽፍ ለኖረ መምህር ጥያቄው ቀላል አይደለም። ገበሬው ዛፍ አልቆረጠም ለማለት ግን አይደለም፤ ፍርድ ከመሰጠቱ በፊት ማስረጃ መቅረብ አለበት ለማለት ነው።

ይህ ሁሉ ሲባል ግን ሥራው እንከን የለውም ማለት አይደለም። ስለ 1840ዎቹ አንኮበር የተጻፉት የባዕዳን ማስታወሻዎች በአመዛኙ ማሳውን ከግቢው ሰገነት ላይ ሆነው ያዩ ናቸው። ከዚህም በላይ የመጽሐፉ ሚዛን ወደ አፈሩ፣ ወደ ዘሩና ወደ በሬው ያዘነበለ ነው። በሁዳዱ ላይ የዋለው የገበሬ ጉልበት፣ ከጎተራው የወጣው ግብርና አሥራት የታሪኩ ሞተር የሆኑትን ያህል ጎልተው አልወጡም። የኖርዌዩ ታሪክ ጸሐፊ ስቬን ኤገ እ.ኤ.አ. በ1996 ባሳተመው ጥናት ያንኑ የ1840 አካባቢ ሸዋ ከመደብ፣ ከመንግሥትና ከሥልጣን አንጻር መርምሮታል። ሁለቱ ጎን ለጎን ሲነበቡ ማካን ገበሬው እንዴት እንዳመረተ፣ ኤገ ደግሞ ምርቱ በማን እጅ እንደ ገባ ያስረዳሉ። በየካቲት 1957 ዓ.ም. «መሬት ላራሹ» ብሎ አደባባይ የወጣው ወጣት የጠየቀው ሁለተኛውን ጥያቄ ነበር፤ የየካቲት 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ባለርስትንና ጭሰኛን የለየውን ሥርዓት ያፈረሰውም ይህ ጥያቄ ስለ በሰለ ነው።

ለኪነ ጥበብ ሰውም ከእነዚህ ጥናቶች የሚቀሰም ትምህርት አለ። በመድረክና በሥዕል ገበሬው በሁለት መልክ ሲቀርብ ኖሯል፤ ወይ ጡጫውን ጨብጦ ይፎክራል፣ ወይ እጁን ዘርግቶ ምጽዋት ይለምናል። ሁለቱም መልኮች የአንድ ቀን መልኮች ናቸው። በቀሩት ቀናት ግን ያ ሰው ደመናውን አይቶ፣ በቁናው የቀረውን ዘር ሰፍሮ፣ የልጆቹን ጉርስ አስቦ፣ ለጎረቤቱ በሬ የሚመልሰውን ቀን ቆጥሮ ይወስናል። የሚስቱ ምክር፣ የአባቱ ልምድ፣ የባለዕዳው ፊት በዚያ ውሳኔ ውስጥ አሉ። ተውኔት የሚሻው ግጭት ከዚህ ወዲያ ከየት ይመጣል?

አራሹ ለበሬዎቹ የሚያወጣላቸው ስም፣ በትልም ላይ የሚያዜመው ግጥም፣ በደቦ የሚቀባበለው ዜማ ከመዝናኛነት አልፎ የራሱ ምስክርነት ነው። የባዕዳን ማስታወሻ የዘለለውን እርሱ ይዞት ይገኛል። ይህን ሰብስቦ ማጥናት ከአንኮበር እስከ መንዝ የሚያስተምረው መምህርና በአካባቢው የሚኖረው ገጣሚ ድርሻ ነው። የማካን መጽሐፍ የተጻፈው በእንግሊዝኛ ነው፤ የተጻፈለት ገበሬና የገበሬው ልጅ በራሳቸው ቋንቋ አንብበው «እዚህ ላይ ልክ ነህ፣ እዚህ ላይ ተሳስተሃል» ለማለት ሲበቁ ታሪኩ የጎደለውን ምስክር ያገኛል።