የአባባ ተስፋዬ ተረትና የአድማጩ ምላሽ

በሮቢትና በአካባቢዋ ተረት የሚነገረው በማታ ነው። ከራት በኋላ ፍሙ ሳይከስም ተራቹ «ተረት ተረት» ይላል፤ ልጆቹም «የላም በረት» ብለው ይመልሳሉ። ይህ ምላሽ ካልተሰማ ተረቱ አይቀጥልም። ሲፈጸምም ተራቹ ተረቱ እንዲመለስለት ይጠይቃል፤ ይኸውም ከአድማጮቹ አንዱ በተራው ሌላ ተረት እንዲያወራ ባለዕዳ ማድረጉ ነው። ይህን ልማድ አስቀድመን ያነሣነው ያለ ምክንያት አይደለም። በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው ሕዝብ አባባ ተስፋዬ እያለ የሚጠራቸውን የቴአትር ሰውና የቴሌቪዥን ዝግጅት አቅራቢ የአቶ ተስፋዬ ሣህሉን ሥራ ሲሆን፥ ጥያቄያችንም አንድ ነው፤ ምላሽ ከማይሰማ መሣሪያ ፊት ተቀምጦ ተረት መንገር ይቻላልን?

አቶ ተስፋዬ በሰኔ ወር 1915 ዓ.ም. በባሌ ተወለዱ። በወጣትነታቸው ወደ አዲስ አበባ መጥተው በማዘጋጃ ቤቱ የቴአትር ክፍል ሥራ ጀመሩ፤ በኋላም በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው፥ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው ቤት ከታወቁት ተዋንያን አንዱ ሆኑ። ወደ ኮርያም ተጉዘው በዚያ ለነበሩት ኢትዮጵያውያን ወታደሮች ተጫውተዋል። በመጀመሪያው ዘመን ሴቶች ወደ መድረክ ስለማይወጡ የሴትን ቦታ የሚይዙት ወንዶች ነበሩ፤ ይህም ዕጣ ለእርሳቸው ደርሷል።

ይህ ነገር ቀላል ሊመስል ይችላል። እኛ በሚሲዮን ትምህርት ቤት የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ሳለን፥ ለዓመት በዓል በተዘጋጀ ቴአትር የእናትነት ቦታ ለአንድ ጓደኛችን ደረሰው። ሻሹን አስሮ ብቅ ሲል አዳራሹ በሳቅ ስለ ተሞላ አንድ ቃል እንኳ ሳይሰማለት ወረደ። እንግዲህ ሴት መስሎ ቀርቦ የተመልካችን ሳቅ ማሸነፍ፥ ከዚያም አልፎ ማሳመን፥ ምን ያህል የድምፅና የፊት ሥልጣን እንደሚጠይቅ ከዚያን ቀን ወዲህ ገብቶናል። አባባ ተስፋዬ በኋላ የጅቡን፥ የጦጣዋንና የአሮጊቷን ድምፅ እየለዋወጡ ሕፃናትን ያስደነቁበት ችሎታ ያለ ጥርጥር ከዚያ መድረክ የተገኘ ነው።

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር ስቱዲዮው በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት ሕንፃ ውስጥ ነበር። አባባ ተስፋዬ በዚያው ዘመን የልጆችን ዝግጅት ያዙ፤ እስከ 1998 ዓ.ም. ድረስም ለ42 ዓመታት ያህል አልተለዩትም። እኛ ይህን ዝግጅት በሰዓቱ ለማየት አልደረስንም። ታላላቆቻችን በሻይ ቤት በር ተሰብስበው ያዩትን ሲያወሩልን ሰምተናል፤ እኛ ግን የምናውቀው በተቀዳ ምስል ብቻ ነው። ስለዚህ ፍርዳችን ቅጂዎቹን ከመመልከት የመጣ መሆኑን አንባቢ ይወቅልን።

በነዚህ ቅጂዎች በመጀመሪያ የሚያስደንቀው ዝምታቸው ነው። ልጆችን የዛሬ አበባዎች፥ የነገ ፍሬዎች ብለው ሰላምታ ከሰጡ በኋላ፥ በየቤቱ ያለው ልጅ የመለሰላቸውን የሚሰሙ ይመስል ጥቂት ይቆያሉ። መድረክን የለመደ ሰው የተመልካቹን እስትንፋስ ሳይሰማ መናገር ይጨንቀዋል፤ እርሳቸው ግን የማይታየውን አድማጭ ፊታቸው እንዳለ አድርገው ይጠብቁታል። ደግሞም ሕፃናትን በስቱዲዮው ውስጥ አጠገባቸው ያስቀምጣሉ፥ ያናግራሉም። ይህ ለጌጥ የተደረገ አይመስለንም፤ መሣሪያው የነፈጋቸውን ምላሽ በሌላ በር ለማስገባት የተፈለገ ዘዴ ነው።

የምንነቅፈውም አለን። ተረቱ ካለቀ በኋላ ምክሩ ይበዛል። ጅቡ ከሞተ በኋላ ጅቡ ስለ ምን እንደ ሞተ ይነገረናል። በሮቢት እንዲህ የሚያደርግ ተራች የለም፤ ጦጣዋ ጥፋተኛ ትሁን ብልኅ፥ ልጆቹ እንቅልፍ እስኪጥላቸው ይከራከሩበታል። ይሁን እንጂ ነገሩን ደጋግመን ባሰብነው ቁጥር ነቀፌታችን እየለዘበ ሄደ። በቴሌቪዥን የሚያዳምጥ ልጅ «ለምን?» ብሎ ለመጠየቅ አይችልም። አባባ ተስፋዬ ያልተጠየቁትን የሚመልሱት፥ የሚጠይቃቸውን ለመስማት ስላልቻሉ ነው። ምክሩ የተቀመጠው የልጁ ምላሽ ሊቀመጥ በሚገባው ቦታ ላይ ነው።

ሌላው ጉድለት ከዚህ ይከብዳል። ተረቱ ሁሉ በአንድ ዓይነት አማርኛ ስለሚነገር አገር የለውም። የራያ ቆላ ልጅ ማማ ላይ ወጥቶ በወንጭፍ ወፍ እያባረረ ማሽላ ይጠብቃል፤ የሚያውቀው ጦጣ ማሽላ የሚሰርቀውን ጦጣ ነው። በቅጂዎቹ ያገኘነው ጦጣ ግን የየትም አይደለም። ለአገር ሁሉ የሚናገር ሰው የአንድን ሰፈር ቋንቋ ሊይዝ አይችልም ይባል ይሆናል፤ ይህን እንቀበላለን። ነገር ግን በየማታው በየቤቱ የሚነገረው እየቀነሰ፥ በመሣሪያ የሚነገረው ብቻ ሲቀር የሚጠፋው ምን እንደ ሆነ ማሰብ የእኛ የተማሪዎቹ ተግባር ነው።

አባባ ተስፋዬ ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ዐረፉ። ባለፈው ክረምት ለዕረፍት ወደ ሮቢት በሄድን ጊዜ፥ የጦጣና የጅብ ተረት ያለበትን አንድ ቅጂ በስልክ ለጎረቤት ልጆች አሳየን። «ተረት ተረት» ብለን ስንጀምርላቸው ጮኸው መለሱ፤ ስልኩ ሲናገር ግን ዝም አሉ፤ ምክሩ ላይ ሲደርስ ሁለቱ ተነሥተው ወጡ። አንዲት የስምንት ዓመት ያህል ልጅ እስከ መጨረሻው ተቀመጠች። ማታ አያቷ ዘንድ ስንደርስ ያንኑ ተረት ስታወራ አገኘናት። ድምፁን እንደ አባባ ተስፋዬ አጎርንና ጅቡን ታናግረዋለች፤ ጦጣዋን ግን ማማ ላይ አውጥታታለች፥ ማሽላም አሲዛታለች። ምክሩን ጨርሶ ትታዋለች። አያትዮዋም ጅቡ ያንን ሁሉ መንገድ ሲሄድ ውሻ እንዴት አላየውም ብለው ይጠይቋት ነበር።