ከተዋናይነት ወደ ተራኪነት፦ የመድረክ ትረካ ጥበብ በሐይቅ እስጢፋኖስ ትውፊት ሲፈተን

በኖርዌይና በአጎራባቾቿ የሰሜን አውሮፓ አገሮች፣ በፊልም ሥራ የቆዩ ተዋንያን ያለ አጋር ብቻቸውን በታዳሚ ፊት ቆመው የጥንቱን አማልክት አፈ ታሪክና የነገሥታቱን ዜና በቃላቸው የሚያቀርቡበት የኪነ ጥበብ ዘርፍ አለ። የመድረክ ትረካ ሊባል የሚችለው ይህ ጥበብ፣ አንድ ባለሙያ ታሪኩን እየተረከ የገጸ ባሕርያቱንም አንደበት በየተራ እያሰማ፣ ጌጥና መጋረጃ ሳያበዛ በድምፁ፣ በፊቱና በእጁ የሚሠራበት አቀራረብ ነው። በኢትዮጵያም ከተዋናይነት ወደ ተራኪነት የሚወስደውን መንገድ ከጠረጉት መካከል ተስፋዬ ሣህሉና ወጋየሁ ንጋቱ በግንባር ቀደምነት ይጠቀሳሉ። የዚህ ዳሰሳ መከራከሪያ፣ የተራኪ ትልቁ ችሎታ ድምፆችን ለያይቶ መያዝ፣ ማለትም አድማጩ የትኛው ቃል ከአፈ ታሪክ፣ የትኛው ከገድል፣ የትኛው ከዘመኑ ጽሑፍ እንደ መጣ እየለየ እንዲሰማ ማድረግ ነው የሚል ሲሆን፣ ለዚህም በደቡብ ወሎ የሚገኘውን የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ትውፊት መፈተኛ አድርጎ ይወስዳል።

ተዋናይ በመድረክ ላይ አንድን ገጸ ባሕርይ ተላብሶ እስከ መጨረሻው ይዘልቃል፤ ተራኪ ግን በገጸ ባሕርያቱና በታዳሚው መካከል ስለሚቆም፣ የንጉሡን ቃል በንጉሥ ግርማ፣ የመነኩሴውንም ቃል በመነኩሴ ትሕትና ካሰማ በኋላ ወደ ራሱ ድምፅ ተመልሶ የተባለውን ያያይዛል፣ ይመዝናል። ጣሊያናዊው ዳርዮ ፎ እ.ኤ.አ. በ1969 ለመድረክ ባበቃው «ሚስቴሮ ቡፎ» በተሰኘው ሥራው፣ ሃይማኖታዊ ታሪኮችን ብቻውን በብዙ ድምፅ ሲያቀርብ ያሳየው ይህንኑ ነው፤ የተዋናይነት ሥልጠናው ገጸ ባሕርያቱን ሕያው ከማድረግ አልፎ በእነርሱ ላይ ፍርድ እንዲሰጥ ለታዳሚው ዕድል ከፍቷል።

በ1915 ዓ.ም. በባሌ የተወለዱት ተስፋዬ ሣህሉ ወደ ትረካ የደረሱት በረጅም የመድረክ ልምድ ነው። ሴቶች ገና ወደ መድረክ ባልወጡበት ዘመን የሴት ገጸ ባሕርያትን ጭምር ተጫውተዋል፤ ወደ ኮሪያ ለዘመተው የኢትዮጵያ ጦርም የኪነ ጥበብ ዝግጅት አቅርበዋል። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር የልጆችን ክፍለ ጊዜ ይዘው፣ በሐምሌ 2009 ዓ.ም. ካረፉ በኋላም አባባ ተስፋዬ የሚያሰኛቸውን ሥራ ከ40 ዓመታት በላይ ሠርተዋል። በመድረክ ላይ ከራሳቸው ፆታና ዕድሜ የራቀ ሰው መምሰልን የተማሩት እኚህ ባለሙያ፣ በካሜራ ፊት አንበሳውንና ጦጣውን በየድምፃቸው ካናገሩ በኋላ ወደ አያት አንደበት ይመለሱ ነበር፤ ልጆቹም የአውሬውን ተንኮል ከሽማግሌው ምክር ሳይቀላቅሉ የሚሰሙት በዚህ መመላለስ ነው። በየቤቱ ምድጃ ዳር ይነገር የነበረው ተረት በአዲስ መሣሪያ በኩል የአገር ሁሉ ልጆች የጋራ ሀብት የሆነው፣ ተዋናዩ ችሎታውን ለተረቱ ስላስገዛ ነው።

ወጋየሁ ንጋቱ ደግሞ ፊትና እጅ በማይታዩበት በሬዲዮ፣ የተራኪነትን ጥበብ በድምፅ ብቻ ከፍ ወዳለ ደረጃ አድርሰዋል። በ1958 ዓ.ም. የታተመው የሐዲስ ዓለማየሁ ልቦለድ «ፍቅር እስከ መቃብር» በኢትዮጵያ ሬዲዮ በእርሳቸው ድምፅ ሲተረክ፣ ማንበብ ለማይችለው አድማጭ ጭምር የደረሰ ሲሆን፣ ዛሬም ብዙዎች መጽሐፉን ሲያስቡ የሚሰሙት የእርሳቸውን ድምፅ ነው። የልቦለዱ ገጸ ባሕርያት የፊታውራሪ መሸሻ ኩራትና የጉዱ ካሣ የሰላ ትችት፣ እንዲሁም የደራሲው የረጋ ገለጻ በአንድ ጉሮሮ ውስጥ እያለፉ ወሰናቸው አልፈረሰም። ተራኪው ከጉዱ ካሣ ጋር ተዋሕደው ቢቀሩ ኖሮ ልቦለዱ ስብከት ይሆን ነበር፤ ድምፁን ለባለቤቱ ትተው ወደ ገለጻው መመለሳቸው ግን አድማጩ የዘመኑን ሥርዓት ከተከላካዮቹም ከተቺዎቹም አፍ እንዲሰማ አስችሎታል።

ይህ ችሎታ ከተረትና ከልቦለድ አልፎ እምነትና ታሪክ ወደ ተገናኙበት ስፍራ ሲሻገር ሥራው ይከብዳል፤ ሐይቅ እስጢፋኖስም እንዲህ ያለ ስፍራ ነው። ከደሴ በስተሰሜን 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ፣ 23 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል በሚሰፋው ሐይቅ የሚገኘው ገዳም፣ ቀድሞ ደሴት በነበረና ኋላ ውኃው ሲሸሽ ከየብስ ጋር በተያያዘ መሬት ላይ ተተክሏል። በአፈ ታሪክ እንደሚነገረው ሐይቁ የተፈጠረው አንዲት ነፍሰ ጡር በአንዲት ልዕልት በመበደሏ ፈጣሪ ተቆጥቶ በዙሪያዋ ያለውን ምድር ወደ ውኃ በለወጠ ጊዜ ነው፤ ልዕልቲቱ ከወገኖቿ ጋር ስትጠፋ፣ የተበደለችው ሴት የተቀመጠችበት መሬት ደሴት ሆኖ ቀረ። ይህ ትረካ ስለ ውኃው አፈጣጠር የሥነ ምድር ምስክር ሆኖ ሊቀርብ አይችልም፤ ስለ ፍትሕ ግን የሕዝብን ጽኑ እምነት ይናገራል፣ ተራኪም ክብሩን ሳይነካ በራሱ ወግ ሊያሰማው ይገባል።

ከአፈ ታሪኩ ቀጥሎ የሚመጣው የገድል ድምፅ ነው። ገድል የአንድን ቅዱስ ሕይወት፣ ተጋድሎና ተአምራት የሚተርክ መጽሐፍ ሲሆን፣ በቅዱሱ በዓል ቀን በምእመናን ፊት ይነበባል። በ13ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ከደብረ ዳሞ ወደ ሐይቅ የመጡትና በዓላቸው ኅዳር 26 ቀን የሚከበረው አቡነ ኢየሱስ ሞዓ፣ ገዳሙን የትምህርት ማዕከል አድርገው አቡነ ተክለ ሃይማኖትን የመሰሉ ደቀ መዛሙርት አፍርተዋል፤ የ«መጽሐፈ ምሥጢር» ደራሲ አባ ጊዮርጊስ ዘጋሥጫም ኋላ በዚሁ ገዳም ተምረዋል። ገድላቸው ከዕረፍታቸው ብዙ ዘመን ቆይቶ የተጻፈ ሲሆን፣ በሕይወት ሳሉ እ.ኤ.አ. በ1280/81 የተዘጋጀው ወንጌላቸው ግን ከማስታወሻውና ከሥዕላቸው ጋር በገዳሙ ኖሯል። ወንጌሉ የዘመናቸው ምስክር፣ ገድሉ ደግሞ የኋለኛው ትውልድ ስለ አባቱ ያቆየው መታሰቢያ በመሆኑ፣ ሁለቱን በአንድ ዜማ የሚያቀርብ ተራኪ ከሁለቱም ያጎድላል።

ፈተናው ይበልጥ የሚጎላው ይኩኖ አምላክ እ.ኤ.አ. በ1270 ወደ ዙፋን የወጡበት ታሪክ ሲነሳ ነው። የሐይቅ ትውፊት የንጉሡ መምህርና ረዳት አቡነ ኢየሱስ ሞዓ መሆናቸውን ሲናገር፣ የደብረ ሊባኖስ ትውፊት ይህንን ድርሻ ለደቀ መዝሙራቸው ለአቡነ ተክለ ሃይማኖት ይሰጣል። የታሪክ ተመራማሪው ታደሰ ታምራት እ.ኤ.አ. በ1972 ባሳተሙት ስለ ቤተ ክርስቲያንና መንግሥት በሚናገረው ጥናታቸው እነዚህን ምንጮች እየመረመሩ የሐይቅን ድርሻ አጉልተዋል፤ የሐይቅ አበምኔቶች ዐቃቤ ሰዓት በሚል ማዕርግ በቤተ መንግሥት የነበራቸው ከፍተኛ ስፍራም ነገሩ የክብርና የሥልጣን ጭምር እንደነበረ ያሳያል። በዚህ ቦታ የሁለቱን ገዳማት ቃል በሁለት የተለያዩ፣ ግን እኩል በከበሩ ድምፆች አሰምቶ፣ ከዚያም በራሱ ድምፅ ተመራማሪው የደረሰበትን የሚያስረዳ ተራኪ፣ በአንድ መድረክ ላይ የታሪክን አጻጻፍ ራሱን ያስተምራል። የሰሜን አውሮፓውም ተራኪ ከዚህ ፈተና አያመልጥም፤ እ.ኤ.አ. በ1241 የሞተው አይስላንዳዊው ስኖሪ ስቱርሉሶን ያቆየው የኖርዌይ ነገሥታት ዜና እንዲሁ ከግጥም፣ ከቃል ትውፊትና ከዘመኑ ፖለቲካ የተዋቀረ ነው።

የወሎ አድማጭ ከአንድ ሃይማኖት ብቻ የተሰበሰበ ስላልሆነ ጥንቃቄው ይበልጥ ያስፈልጋል። በአምባሰልና በአካባቢው አዝማሪው በማሲንቆው፣ አምባሰል በተባለው ቅኝት ጭምር፣ ያለፈውን ሲያነሣ ኖሯል፤ የመንዙማ ባለቤቶችም ነቢዩንና ደጋግ ሼኾችን በዜማ ያወሳሉ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን የኢማም አሕመድ ሠራዊት በሐይቅ ላይ የፈጸመውን ዘመቻ ሺሃብ አድ-ዲን «ፉቱሕ አል-ሐበሻ» በተሰኘው መጽሐፉ በድል አድራጊው ወገን ዐይን ሲተርከው፣ ገዳሙ የመከራና የጥፋት ዘመን አድርጎ ያስበዋል። በአንድ ገበያ የሚውሉ፣ በጋብቻ የተሳሰሩ ሙስሊምና ክርስቲያን ጎረቤታሞች ይህንን ታሪክ አብረው ሊሰሙት የሚችሉት፣ ድሉም ሐዘኑም ከባለቤቱ አንደበት ሳይዛባ ሲነገር ነው።

ድምፆችን መለያየት እምነትን ያላላል ወይም ትረካን ያቀዘቅዛል የሚል ሥጋት ሊነሣ ይችላል። ሆኖም የቤተ ክርስቲያኗ የአንድምታ ትምህርት፣ ማለትም የአንድን ንባብ ልዩ ልዩ ፍቺዎች ጎን ለጎን የሚያኖረው የትርጓሜ ሥርዓት፣ ብዙ ድምፅ መስማት በአገሩ ሊቃውንት ዘንድ የቆየ ሥነ ሥርዓት መሆኑን ያረጋግጣል። የመድረክ ስሜትም ቢሆን ከክርክሩ አይጠፋም፤ ሁለት ገዳማት ስለ አንድ ንጉሥ ሲነጋገሩ መስማት ራሱ ድራማ ነው።

ስለዚህ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ጥበባት ትምህርት ክፍልና በደሴ በሚገኘው ወሎ ዩኒቨርሲቲ ትረካ ራሱን የቻለ ሙያ ሆኖ ቢሰጥ፣ ሠልጣኞቹም ድምፅ ከማውጣት አስቀድሞ ምንጭ መለየትን ቢማሩ፣ የተስፋዬ ሣህሉና የወጋየሁ ንጋቱ ጥበብ ተተኪ ያገኛል። የገዳሙ ሥርዓት ሴቶችን ስለማያስገባ፣ ሐይቅ በአንዲት ሴት መበደል ተፈጠረ የሚለው ትረካ እዚያው ገዳሙ ውስጥ ቢነገር ሴቶች ሊሰሙት አይችሉም፤ ሥርዓቱን አክብሮ ታሪኩን ከደጁ ውጭ፣ በደሴም በአዲስ አበባም፣ ለወንዱም ለሴቱም የሚያደርስ በሚገባ የሠለጠነ ተራኪ፣ ለገዳሙም ለአገሩም ሌላ ባለሙያ የማይሞላውን አገልግሎት ያበረክታል።