ከ«ነግ በእኔ» ባሻገር

አንዳንድ ጽሑፍ ሳይነበብ ይታወቃል። አፄ ኃይለ ሥላሴ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ጄኔቭ ላይ ለመንግሥታቱ ማኅበር (ሊግ ኦፍ ኔሽንስ) ያሰሙት ንግግር ከእነዚህ አንዱ ነው። ስለዚያ ዕለት ስንጠየቅ ቶሎ አፋችን ላይ የሚመጣው አንድ ዓረፍተ ነገር ነው፤ ዛሬ በእኛ የደረሰው ነገ በእናንተ ይደርሳል አሉ የሚለው። ይህ ቃል ግን በንግግሩ ጽሑፍ ውስጥ የለም። ከመድረኩ ሲወርዱ ተናገሩት ይባላል፤ ብለውትም ሊሆን ይችላል። የእኔ ጥያቄ አሉ ወይስ አላሉም አይደለም። በጽሑፉ የሌለውን በቃላችን ይዘን፣ ያለውን ለምን ዘነጋነው ነው።

የያዝነው ቃል በእኛው አነጋገር «ነግ በእኔ» የምንለው ነው፤ የጎረቤት ቤት ሲቃጠል የራስን ክዳን እያሰቡ ውኃ ይዞ መሮጥ። ንግግሩ ከተሰማ ከሦስት ዓመት በኋላ አውሮፓ ራሷ በእሳት ስትያያዝ «ትንቢቱ ደረሰ» ተባለ፤ እኛም ንግግሩን በትንቢትነት ለልጅ ልጅ አስተላለፍነው። ትንቢት ደስ ይላል። ሲፈጸም ክርክሩ ይዘጋል። እኛ ልክ ነበርን፣ እነሱ ተሳሳቱ፣ ተቀጡ፤ አለቀ። ከዚያ ወዲያ ማንም፣ እኛም ጭምር፣ የምንጠየቅበት ነገር አይኖርም።

ጽሑፉን ደጋግሜ ሳነበው ያገኘሁት ግን ነቢይ ሳይሆን ተሟጋች ነው። ንጉሠ ነገሥቱ የተናገሩት በአማርኛ ነበር። ገና ሊጀምሩ ሲሉ የኢጣሊያ ጋዜጠኞች በፉጨትና በጩኸት አወኳቸው፤ ጸጥታ እስኪሰፍን ቆመው ጠበቁ። ከንግግሩ አንደኛው ክፍል ከአውሮፕላን እንደ ዝናብ የወረደው መርዝ ወታደሩን ብቻ ሳይሆን ሴቱን፣ ሕፃኑን፣ ከብቱን፣ ወንዙንና ግጦሹን እንዴት እንዳዳረሰ ይተርካል። የዚህን ክፍል ኃይል ማንም አይስተውም። ሌላው ክፍል ደረቅ ነው። ማን መቼ ምን ቃል ገባ፣ ቃል ኪዳኑ ምን ያዛል፣ የገንዘብ ርዳታ ስንጠይቅ ምን ተባልን የሚል የሙግት ቋንቋ ነው። አንባቢ የሚሰለቸው እዚህ ላይ ይመስለኛል።

የጽሑፉ ልብ ያለው ግን እዚሁ ነው። ንጉሠ ነገሥቱ አንድ ጥያቄ ይጥላሉ። ይዘቱ ይህ ነው፦ በውል ላይ የሰፈረ ፊርማ ዋጋ የሚኖረው የፈራሚው የራሱ ጥቅም በቀጥታ ሲነካ ብቻ ነው ወይ? ይህ «ነግ በእኔ» አይደለም፤ እንዲያውም ተቃራኒው ነው። «ነግ በእኔ» የሚል ሰው የሚረዳህ ለራሱ ፈርቶ ነው። እሳቱ እንደማይደርስበት ካወቀ ይተኛል። ውል የፈረመ ሰው ግን እሳቱ ደረሰበትም አልደረሰበትም ያገባዋል። ንጉሠ ነገሥቱ ጄኔቭ ላይ የጠየቁት ርኅራኄም ፍርሃትም አልነበረም። «ያገባችኋል፤ ፈርማችኋልና» ነው ያሉት።

ኢትዮጵያ ወደ ማኅበሩ የገባችው በመስከረም 1916 ዓ.ም. ነው። የማኅበሩ ቃል ኪዳን አንቀጽ 10 አባላት አንዳቸው የሌላውን ዳር ድንበርና ነፃነት እንዲጠብቁ ያዛል። አንቀጽ 16 ደግሞ ቃል ኪዳኑን ጥሶ በአንዱ አባል ላይ ጦር ያነሣ በሁሉም ላይ እንዳነሣ ይቆጠራል ይላል። በመስከረም 1928 ዓ.ም. ኢጣሊያ ስትወርር ማኅበሩ ወራሪነቷን አረጋገጠ፤ ማዕቀብም ጣለ። ነገር ግን ነዳጅ ዘይት ከማዕቀቡ ውጭ ሆነ፤ የስዊዝ ቦይም ለመርከቦቿ ክፍት ሆኖ ቆየ። ከንግግሩ በኋላ ኢትዮጵያ የጠየቀችው የ10 ሚሊዮን ፓውንድ ብድር ለድምፅ ሲቀርብ 23 መንግሥታት ተቃወሙ፤ 25ቱ ድምፀ ተአቅቦ አደረጉ፤ የደገፈ አንድ ብቻ ነበር፤ እርሱም ራሷ ኢትዮጵያ። ማዕቀቡም በሐምሌ ተነሣ። ተቃዋሚዎቹስ ቢያንስ አቋማቸው ታውቋል። እኔን ዘወትር የሚገርሙኝ 25ቱ ናቸው። ያ ድምፀ ተአቅቦ በአማርኛ ሲፈታ «ምን አገባኝ» ማለት ነው።

ይኸው ጥያቄ ከ30 ዓመት በኋላ በሌላ ከተማና በሌላ ጉዳይ እንደገና ተነሣ። በዚህ ጊዜ ስለ ራሳችን አልነበረም። ደቡብ ምዕራብ አፍሪካ፣ የዛሬዋ ናሚቢያ፣ የጀርመን ቅኝ ግዛት ነበረች። ከመጀመሪያው የዓለም ጦርነት በኋላ የመንግሥታቱ ማኅበር ለደቡብ አፍሪካ በአደራ ሰጣት። ማኅበሩ በ1938 ዓ.ም. ሲፈርስ ባለአደራዋ አደራውን ለተባበሩት መንግሥታት አላስረክብም አለች፤ አፓርታይድንም ዘረጋችበት። ታዲያ ማን ይክሰሳት? በሰኔ 1952 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ የተሰበሰቡት ነፃ የአፍሪካ መንግሥታት ጉዳዩ ለፍርድ ይቅረብ አሉ። የቀድሞው ማኅበር አባላት የነበሩት ኢትዮጵያና ላይቤሪያ በጥቅምት 1953 ዓ.ም. ዘ ሄግ በሚገኘው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት ክስ መሠረቱ። ነገሩን ልብ በሉት። ጄኔቭ ላይ የከዳንን ማኅበር ቃል ኪዳን፣ ማኅበሩ ከሞተ በኋላ፣ ለሌላ ሕዝብ መከራከሪያ አድርገን አቀረብነው።

ፍርድ ቤቱ በታኅሣሥ 1955 ዓ.ም. ጉዳዩን የማየት ሥልጣን አለኝ ሲል በ8 ለ7 ድምፅ ወሰነ። ሐምሌ 11 ቀን 1958 ዓ.ም. ግን ዳኞቹ 7 ለ7 ተከፈሉ፤ አውስትራሊያዊው ፕሬዚዳንት ሰር ፐርሲ ስፔንደር በወሳኝ ድምፃቸው ክሱን ጣሉት። ምክንያቱ ደቡብ አፍሪካ አልበደለችም የሚል አልነበረም። ከሳሾቹ በጉዳዩ የራሳቸው የሆነ ሕጋዊ መብት ወይም ጥቅም የላቸውም የሚል ነበር። አንድ የማኅበር አባል ለጋራው ጥቅም ብሎ ብቻ መክሰስ ይችላል የሚለውን መብትም የጊዜው ሕግ አያውቀውም አሉ። ከልዩነት ሐሳቦቹ መካከል የአሜሪካዊው ዳኛ የፊሊፕ ጄሰፕ ጠንካራ ተቃውሞ ይገኛል። ይሁንና ፍርዱ ፍርድ ነው። በአማርኛ ስንመልሰው፦ «ምን አገባችሁ?»

የ1928ቱን ንግግርና የ1958ቱን ፍርድ ጎን ለጎን ላስቀመጣቸው፣ አንዱ ጥያቄ ሌላው መልስ ሆነው ይነበባሉ። በአገራችን የቆየ ልማድ ሁለት ተሟጋቾች መንገደኛ አስቁመው ዳኝነት ይጠይቁት ነበር፤ መንገደኛውም «መንገድ አለብኝ፤ ነገራችሁ አይነካኝም» ብሎ ጥሏቸው መሄድ ነውር ነበር። ያ መንገደኛ የተጣሉበት መሬት ላይ አንድ ስንዝር የለውም። ፍርድ መኖሩ ግን የእርሱም ጉዳይ ነው። የዘ ሄግ ዳኞች የሳቱት ይህን ይመስለኛል።

ግን ሒሳቡን ስናወራርድ የራሳችንንም ገጽ መግለጥ አለብን። ፍርድ ቤቱ «ሥልጣን አለኝ» ባለበት በ1955 ዓ.ም.፣ ውሳኔው ሊሰጥ አንድ ወር ያህል ሲቀረው፣ በኅዳር፣ የኢትዮጵያ መንግሥት የኤርትራን ፌዴሬሽን አፈረሰ። ያ ፌዴሬሽን የተመሠረተው የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ በ1943 ዓ.ም. ባሳለፈው ውሳኔ ነበር። ዘ ሄግ ላይ የዓለምን አደራ በሰው እጅ ስንጠይቅ፣ አሥመራ ላይ ዓለም የመሠረተውን ሥርዓት በገዛ እጃችን ሻርን፤ ነገሩንም የውስጥ ጉዳይ አደረግነው። ጠቅላላ ጉባኤውም ዝም አለ። የ30 ዓመቱን ጦርነት አንባቢ ያውቀዋል። ጄኔቭን በትንቢትነት ስናነብ ይህ ገጽ አይታየንም፤ በሙግትነት ስናነብ ግን ከፊታችን ይደቀናል።

አንድ ብርቱ ተቃውሞ እንደሚነሣ አውቃለሁ። «ያገባኛል» የወራሪም ቃል ነው። ኢጣሊያ በነሐሴ 1927 ዓ.ም. መጨረሻ ለማኅበሩ ያቀረበችው የክስ መዝገብ የሚያወራው በኢትዮጵያ ስላለው ባርነት ነበር። ባርነቱ ውሸት አልነበረም፤ ኢትዮጵያም ማኅበሩን ስትቀላቀል ልታስቀረው ቃል ገብታ ነበር። ከወር በኋላ ግን ከሳሹ በታንክና በአውሮፕላን መጣ። ታዲያ እውነተኛውን ከአስመሳዩ በምን እንለየው? እኔ እንደሚመስለኝ መለኪያው አንድ ነው። «ያገባኛል» የሚለው ወገን «አንተንም ይመለከትሃል» ሲባል ይሰማል ወይ? ሊረታ በሚችልበት ችሎት ፊት የሚቆም እውነተኛ ነው፤ ጠመንጃውን ችሎት ያደረገ አስመሳይ ነው። በዚህ መለኪያ፣ ድምፅን በድምፅ የመሻር መብት የያዙት አምስቱ የጸጥታው ምክር ቤት ቋሚ አባላትም አያልፉም። በሌላው ላይ ይፈርዳሉ፤ በራሳቸው ላይ የሚፈረደውን ይሽራሉ። የዓለም ሥርዓት ተቀባይነት የሚጎድለው ከዚህ ላይ ነው።

የ1958ቱ መልስ ግን እንደጸና አልቀረም። ጠቅላላ ጉባኤው በጥቅምት 1959 ዓ.ም. የደቡብ አፍሪካን የአደራ ሥልጣን ሻረ። ያው ፍርድ ቤት በሰኔ 1963 ዓ.ም. በሰጠው የምክር አስተያየት የደቡብ አፍሪካ በናሚቢያ መቆየት ሕገ ወጥ ነው አለ። ናሚቢያ በመጋቢት 1982 ዓ.ም. ነፃ ወጣች። ትንሿ ጋምቢያ በኅዳር 2012 ዓ.ም. ሮሂንጋዎችን በሚመለከት ምያንማርን በዘር ማጥፋት ስትከስ፣ ተከሳሿ «ጋምቢያን ምን አገባት?» ብላ ተቃወመች። ፍርድ ቤቱ በሐምሌ 2014 ዓ.ም. ተቃውሞውን ውድቅ አደረገ። የውሉ አባል መሆኗ ይበቃል አለ። በታኅሣሥ 2016 ዓ.ም. ደግሞ እስራኤልን በጋዛ ምክንያት የከሰሰችው ደቡብ አፍሪካ ነበረች፤ የትናንቷ ተከሳሽ፣ ሌላ መንግሥት ሆና። ፍርድ ቤቱም በጥር ጊዜያዊ ትእዛዝ ሰጠ። ትእዛዙን የሚያስፈጽም ወታደር ግን ፍርድ ቤቱ የለውም። ቢሆንም ዛሬ ከሳሹን «ምን አገባህ» ብሎ ከደጅ መመለስ እንደ ቀድሞው ቀላል አይደለም። ለዚህ መንገዱን ከጠረጉት መካከል የተሸነፉት ኢትዮጵያና ላይቤሪያ አሉበት።

እንግዲህ የጄኔቩን ንግግር ሙሉውን እናንብበው፤ በተለይ ያንን ደረቅ ክፍል። ትንቢት ሰሚውን ብቻ ያስፈራል። የክስ ማመልከቻ ግን ተከሳሹን ብቻ ሳይሆን የፈረመበትንም ከሳሽ ያስራል። በጎረቤት አገር ሰው ሲያልቅ፣ በገዛ አገራችንም ሰው ሲያልቅና ሌላው «ያገባኛል» ሲል የምንመልሰው መልስ፣ ጄኔቭ ላይ በአማርኛ ከጠየቅነው ጥያቄ ጋር ይስማማል ወይ?