ፊቱን ዘግቶ የሚጫወት፦ ቶኒ ሰርቪሎ በ«የፍቅር መዘዝ»

ቲታ ዲ ጂሮላሞ ስዊዘርላንድ ውስጥ በአንድ ሆቴል ስምንት ዓመት ኖሯል። ያጨሳል፣ እንቅልፍ የለውም፣ ለአስተናጋጇ ሰላምታ እንኳ መልስ አይሰጥም። የማፊያን ገንዘብ አክስሯልና ዕዳውን የሚከፍለው በሻንጣ የሚመጣለትን ዶላር ባንክ እያስገባ፣ የቁም እስረኛ ሆኖ ነው። ፓኦሎ ሶሬንቲኖ እ.ኤ.አ. በ2004 የሠራው «የፍቅር መዘዝ» የዚህ ሰው ታሪክ ነው፤ ተዋናዩ ቶኒ ሰርቪሎ።

ሰርቪሎ በ1959 ኔፕልስ አጠገብ፣ አፍራጎላ ተወለደ። በ1987 ከማሪዮ ማርቶኔና ከሌሎች ጋር «ቴያትሪ ኡኒቲ» የተባለውን የቲያትር ቡድን መሠረተ። ፊልም የጀመረው በ1992፣ በ33 ዓመቱ፣ በዚያው በማርቶኔ ሥራ ነው። በሶሬንቲኖ የመጀመሪያ ፊልም ከሁለቱ መሪ ተዋንያን አንዱ ሲሆን 42 ደርሶ ነበር። መዘግየቱ ለቲታ ትልቅ ሲሳይ ሆኖለታል። በወጣትነቱ ስክሪን ላይ ያየነው ፊት ስለሌለ የምናነጻጽረው ነገር አናገኝም፤ የሰውየው ያለፈ ሕይወት በእርግጥም የተዘጋብን ይመስለናል። የመድረክ ዘመኑም ድምፁን እንዲቆጥብ አስተምሮታል።

ይህ ቁጥብነት ከሁሉ ጎልቶ የሚታየው በሆቴሉ ቡና ቤት ባንኮኒ ላይ ነው። አስተናጋጇ ሶፊያ (የዝነኛዋ ተዋናይት የአና ማኛኒ የልጅ ልጅ ኦሊቪያ ማኛኒ) ሰላምታዋን ለምን እንደሚንቅ በቁጣ ትጠይቀዋለች። በኋላ ቲታ ከለመደው ወንበር ተነሥቶ ባንኮኒው ላይ ይቀመጣል፤ ምናልባት በሕይወቱ ካደረገው ሁሉ አደገኛው ይህ መሆኑንም ይነግራታል። ሌላ ተዋናይ በለሆሳስ ያሽሞነሙነው ነበር። ሰርቪሎ ሒሳብ እንደሚያወራርድ ሰው ይናገረዋል፤ እኛ ግን ልባችን ይርዳል።

ፊልሙ እንከን አለው። የሉካ ቢጋዚ ካሜራ አንዳንዴ ለራሱ ውበት ይንሸራተታል። ሶፊያ በቂ ሕይወት አልተሰጣትም። ቲታ በየረቡዕ የሚወስደው ሄሮይንም ለገጸ ባሕርዩ ጌጥ እንጂ ቁስል አይሆንም። ጉድለቱን ሁሉ ተሸክሞ የሚያልፈው ተዋናዩ ነው፤ በ2005 ፊልሙ ካገኛቸው የዴቪድ ዲ ዶናቴሎ ሽልማቶች አንዱ ለእሱ መሰጠቱ ይገባዋል።

በ2008 በ«ኢል ዲቮ» የጣሊያኑን ፖለቲከኛ አንድሬኦቲን፣ በ«ጎሞራ» የመርዛማ ቆሻሻ ደላላውን ተጫወተ። በ2013 «ታላቁ ውበት» ደግሞ ዓለም ሁሉ አወቀው፤ ፊልሙም ኦስካር ወሰደ። ያን ፊልም እወደዋለሁ። ሆኖም ዋና ገጸ ባሕርዩ ጄፕ ጋምባርዴላ እንደምናየው ያውቃል፣ ይኮራበታልም። በ«ሎሮ» ፖለቲከኛውን በርሉስኮኒን ሲሆን ይህ ኩራት ጭምብል እስከ መሆን ደርሷል። ሰርቪሎን ገና ላላየ ሰው ከቲታ ጀምር እለዋለሁ።