ማናናንጋል ማን ናት?

እህቶቼ፣ አብረውን የሚሠሩ ፊሊፒኖዎች «ማናናንጋል» ሲሉ ሰምታችሁ ይሆናል። ቀን ቀን ቆንጆ ሴት ናት፤ ሲመሽ ወገቧ ላይ ለሁለት ትከፈላለች። እግሯ ባለበት ቆሞ ይቀራል። ላይኛው ግማሽ ክንፍ አውጥቶ እርጉዝ ካለችበት ቤት ጣራ ላይ ያርፍና በረጅም ምላሱ ፅንሱን ይመጠዋል ይባላል። የቀረው ግማሽ ላይ ጨው ወይም አመድ የነሰነሰ ሰው ካለ ግን ተመልሳ መግጠም አትችልም፤ ፀሐይ ስትወጣ ትሞታለች።

የፊሊፒንስ ሲኒማ ይቺን ሴት የያዛት ገና ድምፅ ሳይኖረው ነው። የአገሪቱ የፊልም አባት የሚባለው ሆሴ ኔፖሙሴኖ እ.ኤ.አ. በ1927 «አንግ ማናናንጋል»ን ሠራ። በ1933 «አንግ አስዋንግ» ተከተለ፤ ድምፅ ካላቸው የመጀመሪያዎቹ ፊልሞቻቸው አንዱ ነው። ዛሬ ግን ሁለቱም የሉም፤ ከጦርነቱ በፊት ከተሠሩት አብዛኞቹ ጠፍተዋል።

ማየት የምንችለው በ1984 የወጣውን «ሼክ ራትል ኤንድ ሮል» ነው። ሦስት ታሪክ አለው፤ የመጨረሻው፣ ፔኬ ጋላጋ የሠራው፣ የማናናንጋል ነው። በስቅለት ሌሊት አንድ ጎረምሳ ቤተሰቡን ከእሷ ለማዳን ይታገላል። እውነት ለመናገር በጣም ያስፈራል። እኔ መብራት አጥፍቼ አልተኛሁም።

ግን አንድ ነገር ከነከነኝ። ካሜራው የሚሮጠው ከልጁ ጋር ነው። ሴትዮዋ ምን ሆና እንዲህ እንደሆነች፣ ማን እንዳላት የሚጠይቅ የለም። የምትሞት ጠላት ብቻ ናት።

እኛ አገር ቡዳ የሚባለው ማን ነበር? ሸክላ ሠሪዋ፣ ቀጥቃጩ። ማሰሮዋን ይገዟታል፣ ልጅ ሲታመም ደግሞ ስሟን ያነሳሉ። እነሱም ጋ ስፔኖች ሲገዙ ባባይላን የሚባሉትን ሴት ፈዋሾች ቄሶቹ የሰይጣን ናቸው እያሉ አሳደዷቸው። ከዚያ በኋላ መድኃኒት የምታውቅ፣ ብቻዋን የምትኖር ሴት አስዋንግ ለመባል ምን ይቀራታል?

ይሄ የድሮ ወሬ ብቻ እንዳይመስላችሁ። የማዳም ልጅ ሲያተኩሰው ዓይን መጀመሪያ የሚዞረው ወደ ማን ነው? «ድግምት አደረገችብን» ተብላ ፖሊስ ጣቢያ የቆመች እህት ስንት አለች! ከውጭ የመጣች፣ ቋንቋው የማይገባት፣ ማታ ማታ ለብቻዋ የምታወራ ሴት ለመፈራት ቅርብ ናት።

ስለዚህ ፊልሙን አትዩ አልልም፤ እዩት፣ ጩኹ፣ ሳቁ። ነገር ግን ጨው ይዘው ሲሮጡ ከማን ጋር እንደምትሮጡ አስቡ። እዚህ ያለነው ብዙዎቻችን ግማሻችን አገር ቤት ቀርቷል። አንድ ቀን ከእሷ በኩል ሆኖ የሚነግረን ፊልም ቢሠራ፣ መጀመሪያ የማየው እኔ ነኝ።