ዶሮዋን ማን ሳላት?

«ኩኩሉ» የሚባለውን የስልክ ጌም ላልተጫወተ ሰው ታሪኩ ሁለት መስመር ነው። አንዲት ዶሮ አለች፤ ሊያርዳት የፈለገ ገበሬ ያባርራታል፤ እሷ ትሮጣለች። በቃ። አዲስ አበባ ያለው ቅኔ ጌምስ የሠራው ይህ ጌም እ.ኤ.አ. በ2018 የአፕስአፍሪካን ሽልማት አግኝቷል። በጊዜው ብዙ ተወርቶለታል። እኔ ካነበብኩት አብዛኛው ግን ስለ ስታርትአፕ፣ ስለ ቴክኖሎጂና ስለ «የመጀመሪያው» ነበር። ዶሮዋን ማን እንደሳላት የጠየቀ አላጋጠመኝም።

ጥያቄው ትንሽ ይመስላል፤ ግን ከጌሙ ግማሽ በላይ የሚሆነው እሱ ነው። የሩጫ ጌም አዲስ ነገር አይደለም። ቴምፕል ረን በ2011፣ ሰብዌይ ሰርፈርስ በ2012 እ.ኤ.አ. ወጥተው የዓለምን ልጅ ሁሉ አሯሩጠዋል። በሁለቱም ግን የሚሮጠው ሰው ጥፋት አለበት፤ አንዱ ጣዖት ሰርቋል፣ ሌላው ባቡር ላይ ቀለም ሲረጭ ተይዟል። የእኛዋ ዶሮ ምንም አላጠፋችም፤ በዓል ደርሶ ነው እንጂ። 12 ብልት መሆኗን ለማንም ማስረዳት አያስፈልግም። ደግሞ እነዚህ ጌሞች መጨረሻ የላቸውም፤ እስክትያዝ ድረስ መሮጥ ነው። ይህ ቅርጽ ለሌላው አገር ተጫዋች ጊዜ መግደያ ነው፤ ለእኛ ዶሮ ግን እውነት ነው። ከፋሲካ ብታመልጥ እንቁጣጣሽ ይመጣል፤ ከእንቁጣጣሽ ብታመልጥ ገና አለ። ከውጭ የመጣ ቅርጽ ከእኛ የቀን መቁጠሪያ ጋር እንዲህ ሲገጥም ደስ ይላል። ስሙም የጨዋታ ስም ነው፤ ስንደበቅ የምንጠራራበት።

አሁን እንደ ፕሮግራመር ልናገር። የሩጫ ጌም ኮድ ዩኒቲ አሴት ስቶር ላይ ተዘጋጅቶ ይሸጣል። ዝለል፣ ጎንበስ በል፣ ሳንቲም ሰብስብ፤ ገዝተህ ትገጣጥመዋለህ። የእኛ ገበሬ ጋቢውን እንዴት እንደሚያጣፋ፣ ዶሮ ልትያዝ ስትል አንገቷን እንዴት እንደምትሰብር ግን ማንም አዘጋጅቶ አይሸጥልህም። እሱን ዓይን ያለው ሰው ቁጭ ብሎ መሳል አለበት። የዚሁ ድርጅት ሌላ ጌም የሆነው «ገበታ»ም ያው ነው። ሕጉ የአባቶቻችን ነው፣ ስሌቱ ቀላል ነው፤ ቀሪው የእንጨቱ መልክና የጠጠሩ ድምፅ ነው።

ይህ ሥራ ደግሞ እንደ ወረቀት ሥዕል ነፃነት የለውም። ተጫዋቹ የያዘው ብዙ ጊዜ ርካሽ ስልክ ነው፤ ሚሞሪው በፎቶ የተሞላ። ሰዓሊው የዶሮዋን ላባ በመቶ ሦስት ማዕዘን ሊሠራው ሲያስብ ፕሮግራመሩ መጥቶ «ቀንስ፣ ስልኩ ይንቀራፈፋል» ይለዋል። ስለዚህ ላባው ቀለም ብቻ ይሆናል፣ ጥላው አስቀድሞ ይሳላል፣ የብዙ ዕቃ ቀለም አንድ ምስል ላይ ይታጨቃል። ከዚህ ሁሉ መቆረጥ በኋላ ዶሮዋ አሁንም ዶሮ ከመሰለች፣ ያ ችሎታ ነው።

እንግዲህ እንዲህ ያለ ሰው የት ይደርሳል? አብዛኛውን ጊዜ ወደ ፍሪላንስ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ነፃ ጌም የሚኖረው በማስታወቂያ ነው፤ አስተዋዋቂው ደግሞ የሚከፍለው እንደ ተመልካቹ አገር ስለሆነ፣ ከኢትዮጵያ ተጫዋች የሚገኘው ሳንቲም ነው። ለውጭ ደንበኛ ሎጎ የሠራ ግን በዶላር ይከፈለዋል። ብሩ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገበት ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ የዶላሩ ጉልበት ሌላ ሆኗል። መንገዱ አልጋ በአልጋ አይደለም። በፔይፓል ገንዘብ መቀበል ለኢትዮጵያዊ ለረጅም ጊዜ የተዘጋ በር ነው። በእኛ በአርብ ገበያ በኩል ከሆነ ደግሞ ኢንተርኔቱ ራሱ ጥያቄ ነው። በ2015 ዓ.ም. ክረምት በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ ለወራት አልተመለሰም። ስልክ ላይ የተጫነ ጌም ያኔም ይሠራል፤ በዜንደር ከልጅ ወደ ልጅ ይተላለፋል። ሥራ አስረክባለሁ ብሎ ቀን የቆረጠ ዲዛይነር ግን ደንበኛውን ያጣል።

ታዲያ ከጌም ወደ ፍሪላንስ መሄድ ሽንፈት ነው? አይመስለኝም። ሱዛን ኬርን እንይ። በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. የአፕል ማኪንቶሽን አይከኖች 32 በ32 በሆነ የነጥብ ሜዳ ላይ የሳለች ናት፤ በሥነ ጥበብ ታሪክ ዶክተር ናት። ከቅጥር ወጥታ ለራሷ መሥራት ስትጀምር ከደንበኞቿ አንዱ ማይክሮሶፍት ሆነ። በ1990 ከዊንዶውስ 3.0 ጋር የወጣውን የሶሊቴር ካርታ በ16 ቀለም የሳለችው እሷ ናት። በየቢሮው ባለጉዳይ ቆሞ ሲጠብቅ ሲጫወቱት ያየነው ያ ካርታ! ኮዱን የጻፈው ዌስ ቼሪ የሚባል ተለማማጅ ነበር፤ ከጌሙ የሮያሊቲ ክፍያ አላገኘም። የሁለቱን ስም ሶሊቴር ሲጫወቱ ከኖሩት ስንቱ ያውቃል? የኬር ስም ግን በኋላ ወጣ። አንዱ ምክንያት የነጥብ ወረቀት ደብተሮቿን አለመጣሏ ነው፤ የኒውዮርኩ የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ሳይቀር ለሕዝብ አሳይቷቸዋል።

የፍሪላንሱ እውነተኛ ኪሳራ ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ስም። «ሥራውን እኔ ነኝ የሠራሁት እንዳትል» የሚል ውል ፈርመህ፣ ሥዕልህ በሌላ ሰው ምልክት ሥር ይኖራል። ይህ ለአገራችን እንግዳ አይደለም። በጋይንት፣ በጎንደር፣ በጎጃም አብያተ ክርስቲያናት ግድግዳ ላይ ከቅዱሱ እግር ሥር ተደፍቶ የሚታይ ሰው አለ። ብዙ ጊዜ ስሙም ተጽፎለታል፤ ያሣለው፣ ማለትም የከፈለው ሰው ነው። የሳለው ግን በአብዛኛው ስሙ የለም። ከደብር ደብር እየዞረ፣ በትእዛዝ እየሠራ፣ ክፍያውን ይዞ ይሄዳል። ፍሪላንሰር ነበር ማለት ነው።

ልዩነት አለ፤ የድሮው ሰዓሊ ስሙን የተወው ለእግዚአብሔር ነው ሊባል ይችላል። የዛሬው ግን ለማያውቀው ኩባንያ ነው። ከዚያም በላይ፣ የድሮው ሥዕል እዚያው ደብሩ ውስጥ ቀርቶ የአካባቢውን ልጅ ዓይን አስተምሯል። የዛሬው ዲዛይነር ግን ጎበዝ በሆነ ቁጥር ሥራው የሚታየው ሌላ አገር ነው። የእኛ ልጆች ስልክ ላይ የሚሮጠው ደግሞ የሌላ አገር ገጸ ባሕሪ ነው። ሎጎ በሌላ ሎጎ ይተካል፤ ያልተሳለች ዶሮ ግን የለችም።

ፍሪላንስ የሚሠራን ሰው ተመለስ ማለት አልችልም፤ የቤት ኪራይ አለበት። ግን ሁለት ነገር ይቻላል። እሱ ንድፎቹንና ዋና ፋይሎቹን ያስቀምጥ፤ ውሉ ዛሬ ማሳየት ቢከለክለውም መጣል አያስገድደውም። እኛ ስለ ጌም የምንጽፍ ደግሞ ድርጅቱንና መሥራቹን ከጠራን በኋላ አንድ መስመር እንጨምር፤ ሰዓሊው ማን ነው፣ ዶሮዋ ለምን እንዲህ ሆነች፣ ከስልኩ አቅም የተነሣ ምን ቀረ። ስለ ፊልም ስንጽፍ ካሜራውን ማን እንደያዘው እንጠይቃለን፤ ጌም ከዚያ ያነሰ አይደለም።